ስም የተሰጠው ቋንቋና ሥራ የተሰጠው ቋንቋ፦ የጎጃም ደጋ ምን ያስተምረናል?

ቢስሚላሂ ረሕማኒ ረሒም

የካቲት 2012 የሚኒስትሮች ምክር ቤት የአገሪቱን የቋንቋ ፖሊሲ አጸደቀ። ዜናው ባጭሩ፣ እስከዚያ ቀን የፌዴራል መንግሥቱ ብቸኛ የሥራ ቋንቋ በነበረው አማርኛ ላይ አፋን ኦሮሞ፣ ትግርኛ፣ ሶማሊኛና አፋርኛ ይጨመራሉ የሚል ነበር። የተደሰተ ተደሰተ፣ የሰጋም ሰጋ። ከዚያ ወዲህ አምስት ዓመት አልፏል። ሰነዱ አለ፤ ነገር ግን ከጅግጅጋ ወይም ከሰመራ አዲስ አበባ ለጉዳይ የመጣች እናት ዛሬም አስተርጓሚ ልጇን አስከትላ ነው ከመስኮቱ ፊት የምትቆመው።

ይህ ጉዳይ ለእኛ ለአማርኛ ተናጋሪ ሙስሊሞች ምናችን ነው የሚል ይኖራል። ቋንቋችን ከድሮም ጀምሮ የመንግሥት ቋንቋ ነው፤ ምን ጎደለብን? ይህ ጽሑፍ ለዚህ ጥያቄ መልስ የሚፈልገው ከአዲስ አበባ ሳይሆን ከጎጃም ደጋ፣ ከደብረ ማርቆስና ከአካባቢዋ ተነሥቶ ነው። ጎጃም ዛሬ አማርኛ ከሚነገርባቸው አገሮች ሁሉ ዋነኛው፣ የቅኔና የሰምና ወርቅ አገር ተብሎ የሚጠራ ነው። በዚያው ምድር ግን አንድ ቋንቋ ሞቶ ተቀብሯል፣ ሌላው ከሞት አፋፍ ተርፎ ዛሬ ትምህርት ቤት ገብቷል። አንዱ ለምን ሞተ፣ ሌላው ለምን ተረፈ? መልሱን ካገኘን በእጃችን ያለውን አማና ምን እናድርገው ለሚለውም መንገድ እናገኛለን ብለን እናምናለን።

ሕጉ የመጣበት መንገድ

አስቀድመን ሕጉን እንይ። በ1936 ዓ.ም. ስለ ሚሲዮኖች የወጣው ድንጋጌ በመላው አገሪቱ የማስተማሪያው ቋንቋ አማርኛ እንዲሆን ወሰነ። በ1948 የተሻሻለው የንጉሠ ነገሥቱ ሕገ መንግሥት አማርኛ የመንግሥቱ ይፋ ቋንቋ መሆኑን በአንቀጽ 125 ደነገገ። ሌሎቹ ቋንቋዎች በሕግ ፊት ስም እንኳ አልነበራቸውም።

የመጀመሪያው ትልቅ ለውጥ የታየው በደርግ ዘመን፣ በ1971 በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ነው። ዘመቻው በጥቂት ቋንቋዎች ተጀምሮ ቀስ በቀስ 15 ደረሰ። ሶማሊኛ፣ አፋርኛ፣ ስልጥኛና ሳሆ ከነዚህ ውስጥ ነበሩ፤ ሁሉም የተጻፉት በግዕዝ ፊደል ነው። ብዙ ሙስሊም እናቶችና አባቶች በገዛ ቋንቋቸው ፊደል የቆጠሩት ያኔ ነው። የጎጃሙ አዊኛ ግን ከዝርዝሩ አልነበረም።

ቀጥሎ በ1986 የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥ ፈቀደ። በ1987 የጸደቀው ሕገ መንግሥት ደግሞ በአንቀጽ 5 የኢትዮጵያ ቋንቋዎች ሁሉ በመንግሥት ዘንድ እኩል እውቅና እንዳላቸው፣ የፌዴራሉ የሥራ ቋንቋ አማርኛ እንደሆነ፣ ክልሎች የየራሳቸውን የሥራ ቋንቋ በሕግ እንደሚወስኑ አስቀመጠ። በአንቀጽ 39 ማንኛውም ብሔር፣ ብሔረሰብና ሕዝብ በቋንቋው የመናገር፣ የመጻፍና ቋንቋውን የማሳደግ መብት እንዳለው ተደነገገ።

እዚህ ላይ ልብ የሚባል ነገር አለ። እውቅና እና ሥራ አንድ አይደሉም። ሕገ መንግሥቱ ለሁሉም እውቅና ሰጠ፤ በፌዴራል ደረጃ ሥራ የሰጠው ግን ለአንድ ብቻ ነው። የ2012ቱ ፖሊሲም እስካሁን በአብዛኛው የሰጠው ስም ነው። አንቀጽ 5ን ለመቀየር ሕገ መንግሥቱ ራሱ በአንቀጽ 105 ያስቀመጠው መንገድ ረጅም ነው፤ የሁለቱ ምክር ቤቶች የጋራ ስብሰባ በሁለት ሦስተኛ ድምፅ፣ እንዲሁም የክልል ምክር ቤቶች ሁለት ሦስተኛው በድምፅ ብልጫ መስማማት አለባቸው። በአዋጅ ቁጥር 1265/2014 የተቋቋመው የሀገራዊ ምክክር ኮሚሽን የሚያወያየን ከሆነ፣ ይህ ጥያቄ ከመድረኩ ሊቀር አይችልም።

ጋፋት፦ ማንም ያላገደው፣ ማንም ያልጠበቀው

ጋፋት የሚለውን ስም ብዙዎቻችን የምናውቀው በሴባስቶፖል መድፍ ነው፤ ዐፄ ቴዎድሮስ መድፉን ያሠሩበት በደብረ ታቦር አጠገብ ያለ ቦታ ነው። ጋፋት ግን የሕዝብም የቋንቋም ስም ነበር። ከአማርኛ ጋር ዝምድና ያለው ሴማዊ ቋንቋ ሲሆን፣ ተናጋሪዎቹ በደቡብ ጎጃም በአባይ ዳርቻ ይኖሩ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1770 የአባይን ምንጭ ፍለጋ ግሽ ድረስ የሄደው ስኮትላንዳዊው ጀምስ ብሩስ መኃልየ መኃልይን በአካባቢው ቋንቋዎች አስተርጉሞ ነበር። የጋፋትኛው ቅጂ ዛሬ በእንግሊዝ አገር ኦክስፎርድ ይገኛል። ያኔ ቋንቋው በሕይወት ነበር። ከሰባ ዓመት በኋላ እንግሊዛዊው ቻርልስ ቢክ ጎጃም ገብቶ ሲኖር ግን ጋፋትኛ በመጥፋት ላይ እንደነበር መዘገበ። እ.ኤ.አ. በ1947 የቋንቋ ሊቁ ቮልፍ ሌስላው ጎጃም ሄዶ ሲያፈላልግ፣ ከብዙ ድካም በኋላ ያገኘው አራት ተናጋሪዎችን ብቻ ነው። ከአራቱ ሰዎች የሰማውን መዝግቦ መጽሐፍ አሳተመ። ዛሬ ጋፋትኛ ያለው በዚያ መጽሐፍና በመሰሎቹ ውስጥ ብቻ ነው።

ጋፋትኛን ማንም በአዋጅ አልከለከለውም። እነዚያ ሰዎችም አልጠፉም፤ የልጅ ልጆቻቸው ዛሬም ጎጃም ውስጥ አማርኛ እየተናገሩ ይኖራሉ። የሆነው ቀላል ነው። ገበያው በአማርኛ ነበር፣ ፍርዱ በአማርኛ ነበር፣ ቤተ ክርስቲያኑ በግዕዝና በአማርኛ ነበር። ለጋፋትኛ የቀረው ሥራ እናት ልጇን የምታባብልበት ብቻ ሆነ። አንድ ቀን እናትየዋ ለልጇ አዝና፣ ኋላ እንዳይቀርባት ብላ፣ በአማርኛ አባበለችው። ቋንቋ የሚሞተው በዚያች ቀን ነው፤ ያን ቀን ለቅሶ የሚቀመጥ የለም።

የመሬቱ ስሞች ግን ይመሰክራሉ። ሜጫና ጃዊ የሚባሉ የጎጃም ወረዳዎች ስማቸው ከአባይ ማዶ ካሉ የኦሮሞ ጎሳዎች ስም ጋር አንድ ነው። ዛሬ አንድ ወጥ የሚመስለን አገር ከብዙ አፍ የተሠራ ነው። ይህን መናገር የአማርኛን ክብር አይቀንስም። አማርኛም ትልቅ የሆነው የብዙ ሰው አፍ ስለገባበት ነው።

አዊኛ፦ ትምህርት ቤት የገባው ቋንቋ

ከደብረ ማርቆስ ተነሥተን ወደ ባሕር ዳር በሚወስደው መንገድ ቡሬን አልፈን እንጅባራ ስንደርስ ሌላ ታሪክ እናገኛለን። ሰባት ቤት አገው የሚባለው የአዊ ሕዝብ ቋንቋ አዊኛ ነው። አዊኛ ኩሻዊ ስለሆነ ከአማርኛ የራቀ ነው፤ ይህ ርቀት ራሱ እንደ አጥር የጠበቀው ይመስለናል። ጋፋትኛ ለአማርኛ የቅርብ ዘመድ ስለነበር መሻገሩ ቀላል ነበር።

በ1999 ዓ.ም. በተካሄደው ቆጠራ አዊኛን የአፍ መፍቻዬ ያለው ወደ ግማሽ ሚሊዮን ሰው ነው። ይህ ቁጥር ብቻውን ዋስትና አይሆንም። ከ1987 ወዲህ የመጣው ለውጥ ግን ለቋንቋው ሥራ ሰጠው። በአማራ ክልል ሕገ መንግሥት አዊ የራሱ የብሔረሰብ አስተዳደር አለው። ልጆች በመጀመሪያ ደረጃ በአዊኛ ይማራሉ፣ የክልሉ መገናኛ ብዙኃን በአዊኛ ያሰራጫል። በየዓመቱ ጥር 23 እንጅባራ ላይ የአገው ፈረሰኞች በዓል ሲከበር ሽማግሌው በቋንቋው ሲናገር የሚሰማው ወጣት አለ። በዋግ ኽምጣኛ፣ በከሚሴም አፋን ኦሮሞ በዚያው ክልል ውስጥ የየራሳቸውን ሥራ አግኝተዋል።

ሁሉ ነገር የሰመረ ነው አንልም። ብዙ ወላጅ ልጁ አማርኛ ካልጠነከረ ከዞኑ ውጭ ሥራ አያገኝም ብሎ ይሰጋል፤ ስጋቱ መሠረት አለው። የሆነ ሆኖ ሕፃኑ ፊደል ሲቆጥር ከእናቱ አፍ የሰማውን ቃል ሰሌዳ ላይ አግኝቶታል። ጋፋትኛ ያጣው ይህን ነው።

አሁን ግን ሌላ አደጋ ተደቅኗል። ከነሐሴ 2015 ጀምሮ ክልሉን ባናወጠው ጦርነት ምክንያት በርካታ ትምህርት ቤቶች ተዘግተዋል፤ ከትምህርት ገበታ የቀሩት ልጆች ቁጥር በሚሊዮን የሚቆጠር ነው። የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ይባላል፤ የፊደል አገር ልጆች ፊደል ተጠሙ። ለአማርኛ ተናጋሪው ልጅ ይህ የትምህርት ኪሳራ ነው። ለአዊኛ ተናጋሪው ግን ኪሳራው እጥፍ ነው፤ ቋንቋው ካገኘው ሥራ ትልቁ ትምህርት ቤት ነውና። አማርኛ ትምህርት ቤት ቢዘጋም ገበያ አለው፣ ስልክ አለው፣ ቴሌቪዥን አለው። የትናንሽ ቋንቋዎች ጎጆ ግን በአንድ ምሰሶ የቆመ ነው።

እኛና አማርኛ

አሁን ወደ ራሳችን እንመለስ። በቆጠራው መሠረት የምሥራቅ ጎጃም ዞን ሙስሊም ከመቶ ሦስት እጅ አይሞላም። ቁጥሩ ትንሽ ቢሆንም ታሪኩ ረጅም ነው። ከላይ የጠቀስነው ቻርልስ ቢክ ጎጃም ሳለ የኖረው የጁቤ ነበር፤ በአጠገቡ ያለው የባሶ ገበያ በዚያን ዘመን ከአባይ ማዶ ከእናርያና ከከፋ የሚመጣው ቡና፣ ወርቅና ዝባድ ወደ ሰሜን የሚተላለፍበት ትልቅ ገበያ ነበር። የሲራራ ንግዱን የያዙት በአብዛኛው ሙስሊም ነጋዴዎች ናቸው። እነዚያ አባቶች በአማርኛ ይዋዋላሉ፣ አባይን ሲሻገሩ በኦሮምኛ ይገበያያሉ፣ ሲሰግዱና ሲቀሩ ዐረብኛ ነው። ሦስት ቋንቋ በአንድ ሰው አፍ። ብዙ ቋንቋ ማወቅ አገር ያፈርሳል ለሚል ሰው የእነሱ ሕይወት በቂ መልስ ነው።

ነገር ግን አማርኛ ለእኛ እንደ ቋንቋ ቅርብ ሆኖ፣ እንደ ስም ግን ሩቅ ሆኖ ቆይቷል። ሽማግሌዎቻችን ያስታውሳሉ፤ በጎጃምም በወሎም “አማራ ነህ ወይስ እስላም?” ተብሎ ይጠየቅ ነበር። አማራ ማለት ክርስቲያን ማለት ነበርና። ከእናቱ ማኅፀን ጀምሮ አማርኛ የሰማ ሰው በገዛ ቋንቋው እንግዳ ተደርጎ ይጠየቃል ማለት ነው። ርስት የመያዝ መብት ተነፍጎ በሸማና በንግድ የኖረው ሙስሊም ከመሬቱ ብቻ ሳይሆን ከስሙም ተገፍቶ ነበር።

ሚያዝያ 12 ቀን 1966 አባቶቻችን አዲስ አበባ ላይ አደባባይ ሲወጡ ካነሷቸው 13 ጥያቄዎች ጋር የተያያዘ አንድ የቋንቋ ጉዳይ ነበር። “በኢትዮጵያ የሚኖሩ እስላሞች” መባሉ ቀርቶ “ኢትዮጵያውያን ሙስሊሞች” እንባል አሉ። ልዩነቱ የአንዲት ሐረግ ነው፤ ትርጉሙ ግን የእንግድነትና የባለቤትነት ልዩነት ነው። ያን ጥያቄ የጠየቁትም በአማርኛ ነው። የተገፉበትን ቋንቋ መብታቸውን የሚጠይቁበት አደረጉት።

ለአማርኛ ሥራ የሰጡትም እነሱ ናቸው። የወሎ ዓሊሞች፣ ከእነሱም መካከል ሸኽ ጠልሐ ብን ጀዕፈር፣ አማርኛን በዐረብኛ ፊደል እየጻፉ፣ ማለትም በዐጀም፣ ሕዝቡን በመንዙማ አስተምረዋል። ከዐጀም ጽሑፎቹ የተወሰኑት ዛሬ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢትዮጵያ ጥናት ተቋም ይገኛሉ፤ ብዙዎቹ ግን በየዛዊያውና በየቤቱ ሳጥን ውስጥ ምስጥ እየበላቸው ነው። በ1961 ዓ.ም. ደግሞ ሐጂ ሙሐመድ ሣኒ ሐቢብና ሸኽ ሰይድ ሙሐመድ ሷዲቅ የተሳተፉበት የመጀመሪያው የቁርኣን የአማርኛ ትርጉም ታተመ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ዐረብኛ የማያውቅ አማርኛ ተናጋሪ የአሏህን ቃል መልእክት በገዛ ቋንቋው ማንበብ ቻለ። ለአማርኛ ከዚህ የበለጠ ሥራ ምን አለ?

ስለዚህ አማርኛ የአንድ እምነት ወይም የአንድ ወገን ንብረት ነው የሚለውን ንግግር፣ ከየትኛውም ወገን ቢመጣ፣ አንቀበለውም። የዋሸራና የዲማ የቅኔ መምህራን ለአማርኛ የዋሉትን ውለታ እናከብራለን፤ የዳዌና የሾንኬ ዓሊሞችም ውለታቸው ይቆጠርልን እንላለን። የትምህርት ቤት መጻሕፍት አዘጋጆችም ይህን እንዲያዩልን እንጠይቃለን። የጎጃም ሙስሊም ሕፃን በአማርኛ መጽሐፉ ውስጥ ሰደቃን፣ ዒድን፣ መንዙማን ሲያገኝ ቋንቋው የእሱም መሆኑን ያውቃል።

አንድ ተራ የሚመስል ነገርም አለ። የስማችን አጻጻፍ ነው። አንድ ወንድም በቀበሌ መታወቂያው ሙሐመድ፣ በትምህርት ማስረጃው መሐመድ፣ በባንክ ደብተሩ ሙሀመድ ሆኖ ይገኛል። ሦስቱም ትክክል ነን ይላሉ፤ እሱ ግን በሦስቱ መካከል ሲመላለስ ቀኑ ይመሻል። አሁን ፋይዳ የተባለው ዲጂታል መታወቂያ በአማርኛም በእንግሊዝኛም ስም ስለሚይዝ ችግሩ ካልታሰበበት ለዘለቄታው ሊታተም ነው። የሥራ ቋንቋ ማለት የዜጋውን ስም አስተካክሎ ከመጻፍ ይጀምራል። መጅሊሱና የሚመለከታቸው መሥሪያ ቤቶች አንድ የስሞች አጻጻፍ መመሪያ ላይ ቢስማሙ የብዙ ሰው ድካም ይቀላል።

አርጎብኛ፦ በደጃችን ያለው ጋፋት

የጋፋትኛን ታሪክ ያነሳነው ያለፈ ታሪክ ለመተረክ ብቻ አይደለም። ዛሬ ያ ታሪክ የእኛው በሆነ ሕዝብ ላይ እየተደገመ ነው። የአርጎባ ሕዝብ ሙስሊም ነው፤ ከኢፋት ዘመን ጀምሮ ለእስልምና በዚህ አገር መስፋፋት ትልቅ ድርሻ ያለው ሕዝብ ነው። ቋንቋው አርጎብኛ የአማርኛ የቅርብ እህት ነው። በ1999ኙ ቆጠራ አርጎባ ነኝ ያለው ሰው 140 ሺህ ያህል ሲሆን፣ አብዛኛው የሚናገረው ግን አማርኛ ወይም አፋን ኦሮሞ ነው። አርጎብኛ አጥብቀው ከያዙት መካከል ወሎ ውስጥ ያሉት ሾንኬና ጦላሃ ይገኙበታል።

ይህን ከሐረሪ ጋር እናነጻጽረው። በዚያው ቆጠራ የሐረሪ ሕዝብ 32 ሺህ አይሞላም፤ ከአርጎባ ሩብም አይደርስም። ሐረሪኛ ግን ይነገራል፣ ይጻፋል፣ ልጆች ይማሩበታል፤ ከአፋን ኦሮሞ ጋር የክልሉ የሥራ ቋንቋ ነው። ልዩነቱን ያመጣው የተናጋሪው ብዛት አይደለም። ለአንደኛው ከተማ፣ ጽሑፍ፣ ትምህርት ቤትና ቢሮ ሥራ ሰጡት፤ ሌላው በክልሉ የልዩ ወረዳ ስም አገኘና ቋንቋው እቤት ቀረ።

እዚህ ላይ መንግሥትን ብቻ መውቀስ አይበቃም። አርጎብኛ በአብዛኛው ቦታ በመስጂድና በመድረሳ ሥራ አላገኘም። ዲኑ በዐረብኛ፣ ማብራሪያው በአማርኛ ወይም በአፋን ኦሮሞ ሆነ። ልጁ ትልቅ የሚባል ነገር ሁሉ በሌላ ቋንቋ ሲነገር እየሰማ ካደገ፣ የእናቱ ቋንቋ የትንሽ ነገር ቋንቋ ይመስለዋል።

ይህን የምንለው ዲናችን ራሱ ስለሚጠይቀን ነው። በሱረቱ ሩም አንቀጽ 22 የቋንቋዎቻችንና የመልኮቻችን መለያየት ከአሏህ ተኣምራት መካከል ተቆጥሯል። በሱረቱ ኢብራሂም አንቀጽ 4 እያንዳንዱ መልክተኛ በሕዝቦቹ ቋንቋ መላኩ ተነግሯል፤ ያብራራላቸው ዘንድ። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ዘይድ ብን ሣቢትን የሌላ ሕዝብ ቋንቋ እንዲማር ማዘዛቸውም ይታወቃል። ኹጥባው በምን ቋንቋ ይሁን የሚለው የዓሊሞቻችን ጉዳይ ነው፤ ለእነሱ እንተወዋለን። ደርሱ፣ የልጆች ትምህርቱ፣ የሴቶች ሐለቃው ግን ሰሚው በሚገባው ቋንቋ ቢሆን የሚከለክል የለም።

ከሌላው ዓለም

ሁለት የአፍሪካ አገሮችን ብቻ እናንሳ። ደቡብ አፍሪካ እ.ኤ.አ. በ1996ቱ ሕገ መንግሥቷ 11 ቋንቋዎችን ይፋ አደረገች፤ በ2023 የምልክት ቋንቋን ጨምራ 12 አደረሰቻቸው። ሆኖም በዩኒቨርሲቲው፣ በፍርድ ቤቱና በትልልቅ ኩባንያዎች እንግሊዝኛ እንደነገሠ ነው። ስም ለአሥራ ሁለቱ ደረሰ፤ ሥራው በአብዛኛው ለአንዱ ቀረ።

ታንዛኒያ በሌላ መንገድ ሄደች። ኪስዋሒሊ በባሕሩ ዳርቻ ሙስሊሞች ዘንድ ያደገ፣ ለዘመናት በዐረብኛ ፊደል የተጻፈ ቋንቋ ነው። ጁሊየስ ኔሬሬ ክርስቲያን ሳሉ ይህን ቋንቋ የአገሩ ሁሉ መግባቢያ አደረጉት፤ ዛሬ የሙስሊም ቋንቋ ነው ብሎ የሚርቀው የለም። አንድ ቋንቋ ከአንድ እምነት ሰዎች መካከል ቢያድግም የሁሉም ሊሆን እንደሚችል ከዚህ በላይ ማስረጃ አያስፈልግም። ይሁንና በዚያው አገር ትናንሾቹ ቋንቋዎች ትምህርት ቤት ሳይገቡ መቅረታቸው የመንገዱ ሌላ ዋጋ ነው።

እኛም ጋ አማርኛ ራሱ ሥራ እየተነጠቀ መሆኑን አንርሳ። የደብረ ማርቆስ ልጅ 9ኛ ክፍል ሲገባ ትምህርቱ ወደ እንግሊዝኛ ይዞራል። በ2014 የ12ኛ ክፍል ፈተና ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጣው ተማሪ ከመቶ 3.3 ብቻ ነበር። ምክንያቱ ብዙ ነው፤ ተማሪው በቅጡ ባልገባው ቋንቋ መፈተኑ ግን ከምክንያቶቹ ሊወጣ አይችልም። ስለዚህ የሶማሊኛና የአፋን ኦሮሞ ሥራ ማግኘት የአማርኛን እንጀራ ይቆርሳል የሚለው ስጋት ዒላማውን የሳተ ይመስለናል። የአገር ቋንቋዎች ሁሉ የጋራ ችግር አንድ ነው።

ምን ይደረግ?

ሐሳባችንን በጥቂት ነጥቦች እንቋጭ።

አንደኛ፣ በክልሉ ትምህርት ቤቶች ይከፈቱ። የሚዋጉ ወገኖች ሁሉ ትምህርት ቤትን፣ መምህርንና ተማሪን ከጦርነቱ ውጭ ያድርጉ። ከዚህ የሚቀድም የቋንቋ ፖሊሲ የለም።

ሁለተኛ፣ የ2012ቱ ፖሊሲ ወደ ሥራ ይውረድ። ሕገ መንግሥት እስኪሻሻል ሳይጠበቅ ብዙ ነገር ማድረግ ይቻላል። በፌዴራል መሥሪያ ቤቶች አስተርጓሚ መመደብ፣ ቅጾችን በአምስቱም ቋንቋዎች ማተም፣ የሆስፒታል መመሪያን በሽተኛው በሚገባው ቋንቋ መስጠት አዋጅ አይፈልግም። ከተጨመሩት አራት ቋንቋዎች ሶማሊኛና አፋርኛ ተናጋሪው ሙሉ በሙሉ በሚባል ደረጃ ሙስሊም ነው፤ በአፋን ኦሮሞ ተናጋሪዎችም መካከል ሙስሊሙ እጅግ ብዙ ነው። እነዚህ ወንድሞቻችንና እህቶቻችን በገዛ አገራቸው መንግሥት ዘንድ መስማማት ሲችሉ እኛ አንከስርም። አማርኛ ተናጋሪ ሙስሊም ከዚህ ጥያቄ ጎን ሲቆም፣ ቋንቋን በጎራ መከፋፈያ ለማድረግ የሚጥረው ሰው አፉ ይዘጋል።

ሦስተኛ፣ አርጎብኛን ለማዳን ጊዜው አሁን ነው። ሳይቃጠል በቅጠል። የአርጎባ ዑለማዎች፣ መምህራንና ወጣቶች ከዩኒቨርሲቲዎች ጋር ሆነው የሽማግሌዎችን ንግግር ይቅዱ። ዛሬ ለዚህ የሚያስፈልገው በእጃችን ያለው ስልክ ነው። ሌስላው አራት ተናጋሪ ፍለጋ ጎጃም ድረስ መጥቶ ነበር፤ እኛ ግን አርጎብኛ የሚናገሩ አባትና እናት በጎረቤታችን ሳሉ ከቤታችን ወጥተን መጠየቅ አቅቶናል።

አራተኛ፣ የዐጀም መጻሕፍትን እናድን። በቤትዎ ሳጥን ውስጥ ከአያት የወረሱት ጽሑፍ ካለ አይሽጡት፣ አይጣሉት። በስልክ ፎቶ አንሥተው ለሚያውቅ ዓሊም ያሳዩ።

ውድ አንባቢያን፣ የየጁቤ ነጋዴ አባቶቻችን አባይን ሲሻገሩ ቋንቋ ይለውጡ ነበር እንጂ ሰው አይለውጡም ነበር። አማርኛ የእኛ ነው፤ ማንም እንዲያስረክበን አንጠብቅም። የእኛ ስለሆነም ከጎኑ ላሉት እንዳይሞቱ የመጮህ ኃላፊነት አለብን። ጋፋትኛን የሚያስታውስ መጽሐፍ ብቻ ነው። ነገ አርጎብኛን የሚያስታውሰው ምን እንደሚሆን የሚወሰነው ዛሬ በሾንኬ አንዲት እናት ልጇን በምን ቋንቋ እንደምታባብለው፣ ልጁም ትምህርት ቤትና መድረሳ ሲገባ ያንን ቋንቋ እዚያ ማግኘት አለማግኘቱ ላይ ነው።

አሏህ ለአገራችን ሰላም፣ ለልጆቻችን ትምህርት ይስጥልን። አሚን።